የኦዴት ላርማን አጎቶች

እዚህ ባሕር ማዶ፣ ስደተኛ የሞላበት ሰፈራችን ቶርንክሊፍ ፓርክ መጥታችሁ ስለ ፈረንሳይ ፊልም የሚያውቅ ሰው ብትፈልጉ «ዘጠነኛ ፎቅ፣ ዘይኑ ጋ ሂዱ» ይሏችኋል። ዘይኑ እኔ ነኝ። ዕድሜዬ ሰባ አምስት ነው። ሃያ ስድስት ዓመት ታክሲ ነድቻለሁ፣ ጉልበቶቼ ሁለቱም አልቀዋል፣ ፈረንሳይኛ አልችልም። ይህችን የመጨረሻዋን ነገር ለሰው ስናገር ዛሬ የመጀመሪያዬ ነው።

መስጊድ ደጃፍ ላይ ወጣቶቹ «ጋሽ ዘይኑ፣ እስቲ ፈረንሳይኛ ይናገሩ» ሲሉኝ ጉሮሮዬን እጠርግና «ዱስማን፣ ዱስማን» እላቸዋለሁ። ቀስ በል ማለት ነው። አባቴ ድሬዳዋ ባቡር ጣቢያ ሻንጣ ተሸካሚ ነበር፤ ቀኑን ሙሉ ነጮቹ የሚጮሁበት ይህንኑ ነው። ከሱ ቀስ በል፣ ቶሎ በል፣ ስንት ነው እና አመሰግናለሁ የሚሉትን አራት ቃላት ወረስኩ። በነዚህ አራት ቃላት ሙሉ የፊልም ሙያ ገነባሁ። ሰው በአራት ብሎኬት ፎቅ ሠራ ሲባል ሰምታችኋል? እኔ ሠርቻለሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። በንጉሡ ዘመን ማብቂያ ላይ፣ እኔ ሃያ ሁለት ዓመቴ ሳለ፣ ከጣቢያው ጀርባ የአንድ አርመናዊ ሲኒማ ቤት ነበር። ሙሴ ካራቤት ይባላል፤ ድሬዳዋ ላይ ነጭ ሁሉ ሙሴ ነው። ይህ ሰው ገንዘብ ማውጣት ነፍሱ አይወድም። ስለዚህ ከትልቁ ጦርነት በኋላ በነበሩት ዓመታት የተሠራውን፣ ሌላው ዓለም አይቶ የጠገበውን የፈረንሳይ ፊልም ከጅቡቲ በባቡር ያስመጣል። በየፊልሙ ደግሞ አንዲት ሴት አለች፤ ኦዴት ላርማን። አንገቷ ረጅም፣ ዓይኗ ከፊል የተከደነ፣ ስታለቅስ እንኳ ልትስቅ የመጣች የምትመስል ሴት። እሷ ትናገራለች፣ እኛ አንሰማም። ሕዝቡ «ምን አለች? ምን አለች?» እያለ ወንበር ይደበድባል። አንድ ቀን ሙሴ ጠራኝና «ፈረንሳይኛ ትችላለህ?» አለኝ። «ዊ ሙሴ!» አልኩት። ወላሂ፣ አምስተኛ ቃል እንዳለኝ ያወቅሁት ያን ቀን ነው።

ከቆርቆሮ የተሠራ ጥሩምባ ሰጠኝ። ቅዳሜ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ከሸራው ጎን ቆሜ፣ ኦዴት አፏን ባንቀሳቀሰች ቁጥር በጥሩምባዬ የመጣልኝን እናገራለሁ። ሙሴ አንድ ትእዛዝ ብቻ ነበረው። የሰፈሩ ሽማግሌዎች «ልጆቻችንን አበላሸህብን» ብለው ቤቱን ሊያዘጉበት ደርሰው ነበርና «መሳሳም ሲመጣ አንድ ነገር ብለህ አለባብሰው» አለኝ። እኔም አለባበስኩት። ኦዴትን የሳማት ወንድ ሁሉ አጎቷ ሆነ። ወታደሩ አጎቷ፣ ሐኪሙ አጎቷ፣ ወንበዴው የእናቷ ወንድም። አንዱ ከኋላ ተነስቶ «አቦ፣ አጎት እንዲህ ነው እንዴ የሚስመው?» ብሎ ጮኸብኝ። «አገሩ ብርድ ነው!» ብዬ አስቀመጥኩት።

አንዴ ደግሞ ኦዴት ባሕር ገብታ ሞተች። ሕዝቡ እያለቀሰ ወጣ። በሳምንቱ በሌላ ፊልም ስትደንስ ብትመጣ ሊደበድቡኝ ነበር። መንታ እህቷ ናት አልኩ። ከዚያ ወዲያ ኦዴት ብትሞት የሚደነግጥ ጠፋ፤ ሁሉም ተረጋግቶ መንታዋን ይጠብቃል።

ባለቤቴን ፈትሂያን ያገኘኋት በዚህ ሥራ ላይ ነው። ያኔ ለሚፍታህ የታጨች ልጅ ነበረች። ሚፍታህ የጨርቅ ነጋዴ ልጅ ነው፤ ነጭ ፔዦ ነበረችው፤ ድሬዳዋ ላይ ፔዦ ያለው ልጅ ማለት ምን ማለት እንደሆነ ለናንተ አልነግራችሁም። ፈትሂያ ከአክስቶቿ ልጆች ጋር መጥታ የኋላው ወንበር ላይ ትቀመጣለች። እኔ ከሩቅ አያታለሁ። ማየት አይከለከልም።

አንድ ቅዳሜ የመጣው ፊልም የጣቢያው ፊልም ነው፤ እኛ እንዲያ ነበር የምንለው። ኦዴት ባርኔጣ ትሸጣለች። ሁለት ወንዶች ይፈልጓታል። አንዱ ካፖርት የለበሰ፣ ረጅም መኪና ያለው ሀብታም ነው። ሌላው የባቡር ጣቢያ ጸሐፊ፣ ኮፍያ ያደረገ ቀጭን ልጅ ነው። እንግዲህ እኔ የጣቢያ ተሸካሚ ልጅ ለማን ላደላ ነው? ያን ኮፍያ ለባሽ በጥሩምባዬ ጻድቅ አደረግሁት። ያላለውን ጥሩ ነገር ሁሉ አናገርኩት። መጨረሻው ላይ ግን ኦዴት ሀብታሙ መኪና ውስጥ ገባች። በሩ ተዘጋ፣ መኪናው ሄደ፣ ኮፍያ ለባሹ ጣቢያው ላይ ብቻውን ቆሞ ቀረ። አንጀቴ አልቻለም። ጥሩምባዬን አንስቼ «አይዟችሁ! ሰውዬው አጎቷ ነው! ሐኪም ቤት ሊያደርሳት ነው! ትመለሳለች!» ብዬ ጮህኩ።

ሰው ሁሉ ጸጥ ባለበት አንዲት ሴት ከኋላ ሳቀች። የሳቅ መዓት ነው የሳቀችው። መብራት ሲበራ በሥራዬ የምታላግጥ ማን ናት ብዬ ተንደርድሬ ሄድኩ። ፈትሂያ ናት፤ በሻሿ ጫፍ ዓይኗን ትጠርጋለች፤ ዓይኗ በርበሬ መስሏል። በሳቅ ብዛት መሰለኝ።

«ምን ያስቅሻል?» አልኳት።

«ምንም።»

«ትመለሳለች ነው የምልሽ!»

«እሺ፣ ሰማሁ» አለች፤ ደግማ ሳቀች።

በስድስተኛው ወር ተጋባን። በኋላ፣ ልብ አግኝቼ «ሚፍታህን ትተሽ እኔን ለምን አገባሽ?» ስላት «ያቺን ፊልም አይቼ» አለችኝ። ከዚህ በላይ ምን እፈልጋለሁ! ይህችን ነገር ሃምሳ ሁለት ዓመት ሙሉ ስነዛ ኖርኩ። ፔዦ ያለውን ሰው በቆርቆሮ ጥሩምባ ነው ያሸነፍኩት እያልኩ ለታክሲ ተሳፋሪ፣ ለመስጊድ ሰው፣ ለለቅሶ ቤት ሳይቀር አወራሁ። የዛሬ አሥር ዓመት ሚፍታህ ራሱ ከጅዳ ለዘመድ ሰርግ መጥቶ እዚሁ ስካርቦሮ አንድ አዳራሽ ውስጥ ተገናኘን። አጠገቤ አስቀምጬ ሥጋውን በእጄ እየመረጥኩ አቀረብኩለት። ከዚያ ትከሻውን ያዝ አድርጌ «ወንድሜ፣ ቂም እንዳትይዝብኝ፤ ዕጣ ነው» አልኩት። በእንቅልፉ የሚያወራ ሰው እንዳየ ዓይኑን አፍጥጦ አየኝ። ምስኪን፣ ቁስሉ አልዳነም አልኩ በልቤ።

እዚህ አገር ከመጣን ወዲህ የፊልም ሙያዬ በታክሲው መስታወት ለተሳፋሪ ከማውራት አላለፈም። ፈትሂያ ደግሞ ሠላሳ አንድ ዓመት የሆቴል አንሶላ አጠበች። ጣቶቿን በረኪና በልቷቸዋል፤ ኤርፖርት ላይ የጣት አሻራ ማሽኑ «ሰው የለም» ብሎ ድርቅ ይላል፤ ሠራተኞቹ ሁለቴ ሦስቴ ያስነኳታል። እሷ ትስቃለች። እኔ ፊቴን አዞራለሁ።

ያለፈው ሚያዝያ ልጃችን ራውዳ ከፋርማሲ ሥራዋ ወጥታ መጣችና «ዳዲ፣ ሰርፕራይዝ!» ብላ ሁለት ቲኬት ጠረጴዛ ላይ አኖረች። ዳውንታውን አንድ ሲኒማ ቤት የኦዴት ላርማንን የድሮ ፊልሞች እንደ አዲስ አጽድተው ሳምንቱን በሙሉ ሊያሳዩ ነው። የኛ ቲኬት ለእሑድ ከሰዓት በኋላ ነው። ቲኬቱ ላይ ፎቶ አለ፤ ባቡር ጣቢያ፣ ኮፍያ ያደረገ ልጅ፣ ረጅም መኪና።

«ያንተና የማማ ፊልም ነው አይደል? ቼክ አደረግሁ እኮ» አለች ራውዳ። «ደግሞ ኢንግሊሽ ሰብታይትል አለው።»

ሰብታይትል! ኦዴት ያለችው ነገር፣ እሷ ራሷ ያለችው፣ ከሥር ተጽፎ ሊመጣ ነው።

ከቲኬቱ ጋር የመጣችውን ትንሽ መጽሔት መታጠቢያ ቤት ቆልፌ አነበብኳት። ኦዴት የዓሣ ነጋዴ ልጅ ናት። ጦርነቱ እንዳለቀ በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ፊልም ጀመረች፤ በአሥራ አንድ ዓመት ሃያ አራት ፊልም ሠራች፤ በሠላሳ ዓመቷ ስሟ ገና ጣሪያ ላይ እያለ ትታው ገጠር ገባችና ዕድሜ ልኳን ንብ አረባች። ለምን ብለው ሲጠይቋት «ሌላ ሰው የጻፈልኝን ቃል አፌ ላይ ማኖር ሰለቸኝ» ብላለች። ሳታውቀኝ ሰደበችኝ። መንታ እህት የላትም። ስለ አጎት የተጻፈ ነገር የለም።

ከዚያች ቀን ጀምሮ እንቅልፍ አጣሁ። ፈትሂያ ያገባችኝ ያን ፊልም አምናበት ነው። ኦዴት ደሃውን መረጠች ያልኩትን አምናኝ ነው። እንግዲህ ኦዴት ሀብታሙን መርጣ፣ ደስ ብሏት ሄዳ ከሆነስ? እነዚያ ሠላሳ አንድ ዓመታት፣ ያ ሁሉ አንሶላ፣ በኔ ውሸት የመጣ ነው ማለት ነው። ይህን በስተርጅናዋ፣ እንግሊዝኛ ፊደል ከሥሩ እያየች ልታውቀው ነው።

ላለመሄድ ያልሞከርኩት የለም። ወገቤን አመመኝ አልኩ። በረዶ ሊጥል ይችላል አልኩ። ሊፍቱ ተበላሽቷል አልኩ።

«ሊፍቱ ሲሠራ መቼ አይተህ ታውቃለህ?» አለች ፈትሂያ። «ልብስህን ልበስ።»

ከዚያ ድንገት ትዝ አለኝ። ፈትሂያ ማንበብ አትችልም እኮ! ከሦስት ዓመት ወዲህ የዓይኗ መሀል ደብዝዟል፤ ሰውና መኪና ትለያለች፣ ፊደል ግን አታይም። አልሃምዱሊላህ አልኩ። በሚስቱ ዓይን ሕመም አልሃምዱሊላህ ያለ ሰው አይታችሁ ታውቃላችሁ? አስተግፊሩላህ! እንዲህ ያለ ሰው ነኝ።

ጫማዬን ሳስር «ፊደሉን ስለማላይ አንተ ትነግረኛለህ» አለችኝ። «እንደ ድሮህ።»

በአውቶቡስ፣ ከዚያ በሰብወይ፣ በምድር ውስጥ ባቡር፣ ሄድን። አዳራሹ ውስጥ ያሉት ወይ ሽማግሌ ፈረንጆች ናቸው ወይ ጢማቸውን ያሳደጉ ተማሪዎች። ፈረንጅ ፊልም ቤት ውስጥ ለቅሶ ቤት እንደመጣ ነው ዝም የሚለው። የኋላው ወንበር ላይ ተቀመጥን። መብራት ጠፋ። ፈትሂያ ሻሿን ከጆሮዋ ላይ ትንሽ ገለጥ አደረገች፤ አፌን ጠጋ አደረግሁ።

ጉድ ፈላ። ያ ጻድቅ ያደረግሁት ኮፍያ ለባሽ ለካ ሌባ ነው! ከኦዴት ቦርሳ እየሰረቀ የፈረስ እሽቅድድም ይጫወታል። ሀብታሙ ሚስቱ የሞተችበት፣ ሲናገር ድምፁን ከፍ የማያደርግ ጨዋ ሰው ነው። ልጁ «ትንሽ አበድሪኝ» ሲል እኔ በፈትሂያ ጆሮ «ቤት እሠራልሻለሁ ይላታል» እላለሁ። ልጁ «ውሸታም ሴት» ሲላት «እንዳንቺ ያለ አላየሁም ይላታል» እላለሁ። እንደ ወጣትነቴ ምላሴ ተፈታ። ወላሂ፣ ትንሽ ኮራሁም።

ታዲያ መሀል ላይ የፈትሂያ እጅ ወንበሩ መደገፊያ ላይ መጥቶ እጄን ያዘ። ያ ለስላሳ ጣት፣ አሻራ የሌለው። ጆሮዋ ወደ አፌ ተደፍቷል፤ የምላትን ሁሉ ትቀበላለች። አፈርኩ። ከዚህ በፊት የማላውቀውን ነበር የዋሸሁት፤ አሁን ግን እያነበብኩ ነው የምዋሸው። ሰባ አምስት ዓመት ሙሉ እንዲህ አፍሬ አላውቅም።

ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ የተጻፈውን ብቻ ነገርኳት። «ልጁ ሰርቋታል» አልኩ። «ሀብታሙ ትምህርት ቤት ግቢ፣ እኔ እከፍልልሻለሁ ይላታል» አልኩ። እሷ እጇን ከእጄ ላይ አላነሳችም። በመጨረሻም ያ መኪና መጣ። በሩ ተከፈተ። ኦዴት ወደ ልጁ ዞራ አንድ ነገር አለች፤ ከሥር ተጽፎ መጣ፤ «አትጠብቀኝ» ይላል። እኔ ያን ጊዜ «ትመለሳለች» ያልኩበት ቦታ ላይ።

«ፈትሂያ» አልኳት። «አትጠብቀኝ ብላዋለች። ከሀብታሙ ጋር ሄደች። አጎቷ አይደለም። ከመጀመሪያውም አጎቷ አልነበረም።»

ጆሮዋን ከአፌ አነሳች። ከዚያ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ «አይዞህ» አለችኝ፤ «ትመለሳለች» ብላም ሳቀች። ያንኑ ሳቅ ነው የሳቀችው፣ የድሬዳዋውን፣ የሳቅ መዓት። ከፊት ያሉት ፈረንጆች «ሽሽሽ!» አሉን።

ስንመለስ ፔፕ የሚባለው ጣቢያ አውቶቡስ ስንጠብቅ ነው የጨረሰችልኝ። እኔ ይቅርታ ልጠይቅ አፌን ስከፍት እሷ ቀደመችኝ።

«ሚፍታህ እኮ ትቶኝ ነበር» አለች።

«መቼ?»

«ከዚያች ቅዳሜ ሦስት ሳምንት በፊት። የጅቡቲ ነጋዴ ልጅ ሊያገባ። ድሬዳዋ በሙሉ ያውቃል። አንተ ብቻ ነህ ጨለማ ውስጥ ስትለፈልፍ ያልሰማኸው።»

መጀመሪያ ትዝ ያለኝ ሚፍታህ ነው። «ሥጋውን እኮ በእጄ ነው የመረጥኩለት!» ብዬ ጮህኩ። «ቂም እንዳትይዝብኝ ብዬዋለሁ እኮ!» ወረፋ የያዘው ሰው ሁሉ ዞሮ አየን። ፈትሂያ ግድግዳውን ደግፋ ሳቀች። ሃምሳ ሁለት ዓመት ስንት ሰው ፊት ቀላል ሆኛለሁ ያ ረቢ! በቆርቆሮ ጥሩምባ ያሸነፍኩት ሰው ጨዋታውን ትቶ ከሄደ ሦስት ሳምንት ሆኖት ነበር።

«ቀድሞ ለምን አልነገርሽኝም?» አልኳት ተናድጄ።

«እንዲህ አሳምረህ ስታወራው ማን ያቋርጥሃል?»

ከዚያ ሳቋን ተወች። «ሰው ፊት ማልቀስ አፍሬ ነው ሲኒማ የገባሁት» አለች። «ጨለማ ነዋ፤ ሦስት ሳምንት እዚያ ነው ያለቀስኩት። ያን ቀን ያቺ ሴት በሀብታም መኪና ደልቷት ስትሄድ ልቤ ሊፈነዳ ደረሰ። ዓይኔ ያኔ ደህና ነበር፤ ምን እንደሆነ አይቻለሁ። ልክ በዚያች ሰዓት ያንተ ጥሩምባ መጣች። አጎቷ ነው። ሐኪም ቤት። ትመለሳለች።» ራሷን ነቀነቀች። «ያን ሁሉ ሰው ፊት ቆመህ፣ ላብህ እየወረደ፣ ከሸራው ጋር ስትጣላ። በሦስት ሳምንት ውስጥ መጀመሪያ የሳቅሁት ያኔ ነው።»

«ፊልሙን አይቼ ነው ያገባሁህ ያልሽኝስ?»

«ታዲያ አይቼው አይደል? ፊልሙ ሌላ ይላል፣ አንተ ሌላ ትላለህ። ይሄ ሰውዬ ቤቴ ይግባ አልኩ።»

የሚከብደኝ ገና አልወጣም። «አንሶላውስ?» አልኳት። ድምፄ አነሰ።

«የምን አንሶላ?»

«የሆቴሉ። ሠላሳ አንድ ዓመት።»

ዓይኗን ወደኔ አዞረች፤ አሁን ስታየኝ ትንሽ ወደ ጎን ነው የምታየኝ፤ መሀሉ ስለማይታያት። «ከባድ ነበር» አለች። «ማታ ማታ ቤት እየመጣሁ አወራሃለሁ፣ አንተም ታስቀኛለህ። ሌላ ምን ልበልህ?» አውቶቡሱ መጣ። ክንዴን ይዛ ወጣች። መቀመጫ ስናገኝ አለቀስኩ፤ ወደ መስኮቱ ዞሬ ነው ያለቀስኩት፣ እሷ ግን ዓይኗ ያያል አያይም ማን ያውቃል።

ቤት ገብተን ጫማችንን ሳናወልቅ ራውዳ ደወለች። ፈትሂያ ስልኩን ስፒከር ላይ አድርጋ ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

«ማማ! እንዴት ነበር? ማንን መረጠች መጨረሻ ላይ?»

ፈትሂያ ስልኩን በጣቷ ወደኔ ገፋ አደረገችው። «አባትሽ ይንገርሽ» አለች። «እሱ ነው ፈረንሳይኛ የሚችለው።»

እኔም ጉሮሮዬን ጠረግሁ። «ሀብታሙ አጎቷ ነው» አልኳት። «ሐኪም ቤት አደረሳት፤ ተመለሰች።»